ከፎቶው በኋላ የተሠራ ቤት

በእኛ መንደር ዘመን የሚቆጠረው በፎቶው ነው። ከዓመታት በፊት አንድ አውሮፕላን በላያችን አልፎ መሬቱን ፎቶ አንስቶ ሄዷል ይባላል። አውሮፕላኑን በዓይኔ አየሁት የሚል ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም። ቢሆንም ልጅ የተወለደበትን፣ ላም የተገዛችበትን፣ ሰው የሞተበትን ጊዜ ስናነሳ «ከፎቶው በፊት ነው» ወይም «ከፎቶው በኋላ ነው» እንላለን። በፎቶው ላይ የታየ ቤት፣ ቤት ነው። ያልታየው በወረዳው ቋንቋ «ግንባታ» ይባላል፤ ግንባታ ደግሞ ይፈርሳል።

ያለነው ከቂሊንጦ ወዲያ ነው። ታክሲ ከሚያወርድበት አስፋልት በእግር ሃያ ደቂቃ ያህል ይገባል። በአንድ በኩል የኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ተደርድሮ ይታያል፤ በሌላ በኩል የፋብሪካዎቹ ጣሪያ ፀሐይ ሲያርፍበት ዓይን ይወጋል። በመካከሉ እኛ አለን፤ ጥቁር መሬት፣ ከእርሻው የተረፈ ቁራጭ የጤፍ ማሳ፣ የቆርቆሮ አጥር፣ የጭቃ ቤት። ክረምት ላይ እግራችንን በላስቲክ ጠቅልለን እንወጣና አስፋልቱ ጋ ስንደርስ ላስቲኩን ፈተን እዚያው ድንጋይ ስር እንሸጉጣለን። ማታ ስንመለስ መልሰን እናጠልቀዋለን። እዚያ ድንጋይ ስር ያለውን ላስቲክ አይቶ ማን ከተማ እንደገባና ማን እንደተመለሰ መናገር ይቻላል።

የእኔ ቤት ከፎቶው በፊት ነው። ባለቤቴ በሕይወት ሳለ የሠራነው ነው፤ በካርታው ላይ የምስር ክክ ታህል ሆና ትታያለች። ወረዳ ሄጄ አይቻታለሁ። ትምህርት የጀመርኩት ግን ከፎቶው በኋላ፣ ሠላሳን ካለፍኩ ወዲያ ነው። የልጆቼ ዕድሜ ካላቸው ጋር አንድ ዴስክ ላይ ተቀምጬ፣ እንደምንም አሥረኛ ክፍል ደረስኩ። ከዚያ በኋላ ያገኘሁትን መጽሐፍ ሁሉ አነብ ጀመር። በልጅነቱ ያልተማረ ሰው ፊደልን እንደ ዋዛ አያያትም፤ ነጥብ ከጎደለች ዕረፍት የለኝም። ይህን አይተው የእድሩ ፀሐፊ አደረጉኝ። «እሷ የጻፈችው አይነቀልም» ይሉ ነበር። ሲሉኝ ደስ ይለኝ ነበር፤ ልዋሽ አልችልም።

ከእኔ አጥር ቀጥሎ የምትኖረው ከወሎ የመጣች ሴት ናት። በዕድሜ ታንሰኛለች። ባሏ የጅቡቲ መስመር ከባድ መኪና ሾፌር ነው፤ በወር አንዴ ቢመጣ ነው። ሁለት ልጆችና አንዲት ላም አሏት። ቤቷ ከረጃጅሞቹ ባህር ዛፎች ስር ነው። ዛፎቹ ስር በረድፍ ሰባት ቤቶች አለን። ስድስቱ ከፎቶው በፊት የተሠሩ ናቸው፤ ይህን ሁሉም ሰው ያውቃል። የእሷ ግን ከፎቶው በኋላ ነው።

እኔ ይህን ከማንም የበለጠ አውቃለሁ። ትምህርት በጀመርኩ ሰሞን መምህራችን «የምታዩትን አንድ ነገር በአንድ ዓረፍተ ነገር ጻፉ» ብሎን ነበር። ደጄ ላይ ተቀምጬ ቀና ስል አዲሷ ጎረቤቴ ቀሚሷን ሰብስባ ጭቃ ታቦካለች። «ጎረቤቴ የቤቷን ግድግዳ ትመርጋለች» ብዬ ጻፍኩ። በሕይወቴ ከራሴ ያወጣሁት የመጀመሪያ ዓረፍተ ነገር ይኸው ነው። መምህሩ ቀን ጻፉ ብሎን ስለነበር ከላይ ቀኑና ዓመተ ምሕረቱ አለ። ደብተሩም አለ።

አንድ ጠዋት ከወረዳው አንድ ወጣት መጣ። ፋይል በብብቱ ይዟል፤ ጫማው እስከ ቁርጭምጭሚቱ ጭቃ ገብቷል። ሰው አክባሪ ልጅ ነው። የእድሩን ሰብሳቢና እኔን አስጠራን።

«እናቴ፣ ይህ ባህር ዛፍ ስር ያለው ረድፍ በፎቶው አይለይም፤ ከዳር ካለው ከእርስዎ ጣሪያ በቀር የሚታየው ቅጠል ብቻ ነው» አለኝ። «ስለዚህ ኗሪዎቹ ራሳችሁ ዘርዝራችሁ ጻፉልን። የአባወራ ስም፣ የቤተሰብ ብዛት፣ ቤቱ የተሠራበት ዓመት።»

«እሺ» አልኩ።

«ብቻ አደራ» አለ ፈገግ ብሎ። «ሐሰት ከተገኘ መጀመሪያ የሚጣራው የጸሐፊው ቤት ነው።»

ፈገግታው እውነተኛ ነበር፤ እንደ ቀልድ ነው የተናገረው። እኔ ግን ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ሌላ ነገር መስማት አቃተኝ።

ወረቀት አስምሬ ከቤት ቤት ዞርኩ። ጎረቤቴ ጋ ስደርስ የወተት ዕቃ እያጠበች ነበር። በርጩማ ሰጠችኝ።

«ቤቱ መቼ ተሠራ?» አልኳት።

«በፊት ነዋ።»

«በፊት መቼ?»

«ከበፊትም በፊት። እንዲያውም አውሮፕላኑ ሲያልፍ እጄን አውለብልቤለታለሁ፤ እሱን ጻፊልኝ።»

ሳቅኩ። እሷም ሳቀች። ከዚያ ዕቃውን አስቀምጣ እጇን በሻሿ ጫፍ አደረቀችና ድምጿን ዝቅ አድርጋ «ከፎቶው በፊት በይልኝ፣ እትዬ። ሌላ ምንም አልልሽም» አለችኝ።

አንገቴን ደፋሁና ጻፍኩ። እውነተኛውን ዓመት ጻፍኩ።

ያን ጊዜ ለራሴ የነገርኩት፣ እኔ የሐሰት ቁጥር የሚጽፍ እጅ የለኝም የሚል ነው። እንዲህ ያለ ነገር ለራስ ሲነግሩት ደስ ይላል። ኋላ ግን ቁጭ ብዬ ሳስበው እጄን የመራው እውነት አልነበረም። ያ ወጣት ስለጸሐፊው ቤት የተናገረው ነው። ከፎቶው በፊት የተሠራ ቤት ያለኝ ሰው ሆኜ፣ በእሱ ላይ ጥላ እንኳ እንዳያርፍ የሌላ ሰው ቤት ከፊት አቆምኩ።

ሰብሳቢው ሳያነብ ፈረመ። «አንቺ የጻፍሽውን እኔ ምን አነባለሁ?» አለኝ። በማግስቱ ወረዳ ወስጄ አስረከብኩ።

ማታውን ለልጄ ነገርኳት። ቂሊንጦ ልብስ ፋብሪካ ውስጥ በፈረቃ ትሠራለች፤ ሰርቪሱ አስፋልቱ ላይ ጥሏት እግሯን እየታጠበች ነበር።

«እማዬ፣ የተጠየቅሽው ፈተና መሰለሽ?» አለችኝ። «ማን ማርክ ሊሰጥሽ ነው?»

የታጠበችበትን ውኃ ደፍታ ገባች።

ከዚያ በኋላ ያሉትን ሳምንታት እንዴት እንዳሳለፍኳቸው በቅደም ተከተል መጻፍ አልችልም። ጠዋት ስነሳ መጀመሪያ የማየው የጎረቤቴን አጥር ነበር። የሚፈርስ ቤት ላይ በቀይ ቀለም ምልክት ይደረጋል። ቀለሙ ከተቀባ ሦስት ቀንም ሊቆይ ይችላል፣ ሦስት ወርም። አጥሯ ላይ የሰቀለችው ቀይ የልጅ ሹራብ አንድ ቀን ቀለም መስሎኝ በባዶ እግሬ ወጥቻለሁ። መኪና ድምፅ ሲያሰማ መጽሐፌን አስቀምጣለሁ። አሸዋ የጫነ ይሆናል፣ ድንጋይ የጫነ ይሆናል፤ አልፎ እስኪሄድ ያነበብኩበት መስመር ይጠፋኛል።

ይባስ ብሎ ጎረቤቴ ከወትሮው ይልቅ ደግ ሆነች። ቀድሞም እርጎ ታቀምሰኝ ነበር፤ አሁን ግን በየሁለት ቀኑ ሆነ። የእኔን ጾም ታውቃለች፤ ረቡዕና ዓርብ እርጎውን ትታ የስንዴ ንፍሮ በሳህን ሸፍና ታመጣለች። «እትዬ፣ አለሽ?» ስትል ዓይኗን ሳላይ እወጣለሁ። እቀበላታለሁ። ደጅ ላይ ቆማ ስለ ላሟ፣ ስለ ባሏ መኪና ጎማ ታወራኛለች። እኔ አፏን አያለሁ እንጂ የምትለውን አልሰማም። ሳህኑን ባዶ ላለመመለስ ስኳር ወይም ሽንኩርት እጨምርበታለሁ።

አንድ ማክሰኞ ጠዋት ከወንዙ ማዶ ካለው ሰፈር የዶዘር ድምፅ መጣ። ከጉብታው ላይ ቆመን አየን። ሰዎቹ ቀድመው ዕቃቸውን አውጥተው መንገድ ዳር ደርድረውታል፤ አልጋ፣ ቁም ሳጥን፣ በገመድ የታሰረ ፍራሽ፣ የዶሮ ቅርጫት። አንዲት ሴት የራሷን ጣሪያ ቆርቆሮ አስነቅላ፣ እሱኑ ደርባ ተቀምጣበት ነበር። አላለቀሰችም። ጭቃ ቤት በዶዘር ሲገፋ እንዳሰብኩት አይጮኽም፤ አቧራ ብቻ ይነሳል። ጎረቤቴ ከጎኔ ቆማ ነበር። ስንመለስ የሹራቤን እጅጌ ጫፍ ይዛ እንደነበር ያወቅኩት ስትለቀው ነው።

ከሰዓት በኋላ ወደ ግቢዋ ሄድኩ። ላሟን ገለባ እያበላች ነበር።

«አንድ ነገር ልነግርሽ ነው» አልኳት። «ያን ዝርዝር ስጽፍ...»

«አውቃለሁ» አለችኝ፣ ዞር ሳትል።

«ምኑን ታውቂያለሽ?»

«ስትጽፊ ከንፈርሽ ይንቀሳቀሳል እኮ፣ እትዬ። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም፤ ዓመቱን ግን ከአፍሽ አየሁት። ቤቴን የሠራሁበትን ዓመት አጣዋለሁ እንዴ?»

ያን ልማድ ከተውኩት ብዙ ዓመት የሆነኝ ይመስለኝ ነበር።

«ታዲያ ያኔውኑ ለምን አልተናገርሽኝም?»

አሁን ዞር አለች። «ብናገርሽ ምን እንደምትጨምሪበት በምን አውቃለሁ? ላሟን ያለ ፈቃድ ታረባለች ብለሽ ብትጽፊስ? ባሏ አይኖርም ብትዪስ? እስክሪብቶው ያለው አንቺ ጋ ነው።»

«እርጎውስ?»

«ፈርቼሽ ነዋ» አለችኝ። እንደ ተራ ነገር ነው የተናገረችው፤ ገለባውን እየበተነች።

እኔን የፈራ ሰው በሕይወቴ አላውቅም። የፋብሪካ ዘበኛ የነበረው ባለቤቴ እንኳ ዶሮ ትፈሪያለሽ እያለ ይስቅብኝ ነበር። ያንን ሁሉ እርጎ፣ ያንን ሁሉ ንፍሮ እያሰብኩ ግቢዋ መካከል ቆምኩ። እኔ ቀዩን ቀለም ስፈራ፣ እሷ እኔን ስትፈራ፣ በአንድ አጥር ተለያይተን ከርመናል።

«እንሂድ» አልኳት። «ተሳስቼ ነው የጻፍኩት ብዬ ደብዳቤ እጽፋለሁ።»

«አንቺ? ተሳስቼ ልትዪ?»

«አዎ።»

«ታመሻል እንዴ?» አለች። ያም ሆኖ እጇን ታጥባ ሻሿን አስተካከለች።

ለማስተካከያው የቦታው ነባር ምስክር ያስፈልጋል። ነባር ማለት መሬቱን ያርሱበት የነበሩት ሽማግሌ ናቸው፤ ሰባቱም ቤቶች የቆሙት በእርሳቸው ማሳ ላይ ነው። አሁን የቀራቸው ከባህር ዛፉ ወዲያ ያለችው ቁራጭ ብቻ ናት። አጥር ሥር ፀሐይ ሲሞቁ አገኘናቸው። በኦሮምኛ «ኢንተላ ኮ» ይሉኛል፤ ልጄ ማለት ነው።

«አባባ፣ እሷ ቤቷን ስትሠራ ያስታውሳሉ?» አልኳቸው።

«እንዴት አላስታውስም? እዚያ ማሳ ላይ ሽምብራ ነበረኝ። የውኃ መንገዱን በጭቃ ስትዘጋው ተጣልተናል።»

«ፎቶው ተነሳ በተባለበት ዓመትስ?»

«ያን ዓመት ጤፍ ነው። ቀጥሎ ጓያ፣ ከዚያ ሽምብራ።» በጣታቸው እየቆጠሩ ነበር። ቆም አሉና ተራ በተራ አዩን። ሽማግሌው ሞኝ አይደሉም። «ቤቱ ሲሠራ ምን ዘርቼ ነበር እንድል ነው የፈለጋችሁት?»

ጎረቤቴ መሬት መሬት እያየች «ጤፍ» አለች።

«እንግዲያው ጤፍ ነበር።»

ከዚያ እርሳቸው ከእኛ ይልቅ ፈሩ። «ግን ኢንተላ ኮ፣ መሬቱን ሸጬላታለሁ ብለሽ ልትጽፊ ነው? በእርሻ መሬት ሽያጭ ያዝንህ ቢሉኝስ? በዚህ ዕድሜዬ?»

«ሸጥኩ የሚል አልጽፍም። ቤቱ ሲሠራ አይቻለሁ የሚል ብቻ ነው።»

«ማየት ወንጀል አይደለም?»

«አይደለም፣ አባባ።»

«እስቲ አንብቢልኝ።» አነበብኩላቸው። ደግመው አስነበቡኝ። ከዚያ አውራ ጣታቸውን ሰጡኝ። ቀለሙን ስቀባቸው ጣታቸው እንደ ድንጋይ ደርቆ ነበር፤ አልታተም ብሎ ሦስት ጊዜ ጫንኩት።

ደብዳቤውን እዚያው ጉልበቴ ላይ ጨረስኩት። «በስህተት የተጻፈ ስለሆነ ይስተካከልልኝ ዘንድ» ብዬ የውሸቱን ዓመት በፊደልም በአኃዝም አሰፈርኩ። በዚህ ጊዜ ከንፈሬን ነክሼ ነው የጻፍኩት። እንደዚያ ያማረ ጽሑፍ ጽፌ አላውቅም።

ወረዳው ላይ ያ ወጣት ደብዳቤውን ቆሞ አነበበው። «እትዬ፣ እርስዎም ይሳሳታሉ እንዴ?» አለኝ። አጠገቡ ያለችው ልጅ ሳቀች። እኔም ለመሳቅ ሞከርኩ። ደብዳቤውንና የሽማግሌውን ምስክርነት በስቴፕለር አንድ ላይ መታቸው። «ዝርዝሩ ክፍለ ከተማ ደርሷል። ይህንን አያይዘን እንልካለን፤ ከዚያ ከቦታው መጥተን እናያለን» አለን።

ያን ቀን ቤቴ እንደገባሁ ደብተሩን ፈለግሁ። ያች ዓረፍተ ነገር ከነቀኗ እንደነበረች አለች። ቀድጄ ልጥላት ገጹን ያዝኩ፤ አልቻልኩም። ከሳጥን ወደ ዱቄት ዕቃው ጀርባ፣ ከዚያ ወደ ፍራሽ ሥር አዛወርኳት። ልጄ አይታኝ «ከአንቺ በቀር ያንን የዶሮ ጭረት ማን ያነበዋል?» አለች። አልሳቅኩም። ዝርዝሩን ካስረከብኩ ወዲህ የምፈራው ለሌላ ሰው ቤት ነበር፤ አሁን ለራሴም ሆነ።

ከሦስት ሳምንት በኋላ መጡ። ወጣቱና ሌሎች ሁለት ሰዎች ናቸው፤ አንዱ ሜትር፣ አንዱ የቀለም ቆርቆሮ ይዟል። ቆርቆሮው ክዳኑ ዙሪያ ቀይ ነበር። ጎረቤቴ ላሟን ከበረት አውጥታ ገመዷን ይዛ ደጇ ላይ ቆመች። ልጆቿን እኔ ቤት አስገብታቸዋለች። ከሌሎቹ ቤቶች ሰው ወጥቶ በየአጥሩ ቆመ።

ወጣቱ ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን ዘረጋቸው።

«ሁለቱም የእርስዎ እጅ ነው» አለኝ። ዛሬ ፈገግ አላለም። «ዓመቱ ይለያያል። የቱን ልያዝ?»

«ሁለተኛውን።»

«የመጀመሪያውን ለምን ጻፉት?»

ያዘጋጀሁት መልስ ነበረኝ። ጠፋኝ። «ፈርቼ ነው» አልኩት። ከተናገርኩት ውስጥ እውነቱ ይህ ብቻ ነበር።

«ምን ፈሩ?»

«እናንተን።»

ቀለም የያዘው ሰውዬ ጉሮሮውን ጠረገ። ወጣቱ ወረቀቱን ጥቂት አየ። «የእርስዎም ቤት አብሮ እንደሚጣራ ያውቃሉ?»

«አውቃለሁ» አልኩ። የአጥሩን እንጨት ይዤ ነው የቆምኩት።

የእሷን ቤት ለኩ፤ ከዚያ የእኔን። ወጣቱ ሁለቱንም በስልኩ ፎቶ አነሳ። ባህር ዛፎቹን ቀና ብሎ አያቸው። ወረቀቱ ላይ አንድ ነገር ጻፈ፤ አንገቴን ባሰግግም ሊታየኝ አልቻለም። «ውሳኔው ሲመጣ ይነገራችኋል» አለ። የቀለሙ ቆርቆሮ ሳይከፈት ሄዱ።

ይህን ስጽፍ ወራት አልፈዋል፤ ውሳኔው አልመጣም። ወረዳ ሄደን ስንጠይቅ «በሂደት ላይ ነው» ይሉናል። ጠዋት ስነሳ አሁን የማየው ሁለት አጥር ነው።

እርጎው ግን ቀርቷል። ስፈልግ እንደ ማንኛውም ሰው ጣሳ ይዤ ሄጄ እጠይቃታለሁ፤ ካላት ትሰጠኛለች፣ ከሌላት የለኝም ትላለች። ባለፈው ቅዳሜ ልብስ ያጠብኩበትን ውኃ ስደፋ ወደ እሷ ግድግዳ ፈሰሰ። ጮክ ብላ ወጣች።

«እትዬ፣ ይሄን ውኃ ወዴት ነው የምትለቂው? ዶዘሩ ሳይመጣ አንቺ ልትጥዪኝ ነው?»

«አላየሁትም።»

«መቼ ታያለሽ። ዓይንሽ መጽሐፍ ላይ ተተክሎ! ፀሐፊ ሆንሽ እንጂ ቦይ መቅደድ እንኳ አታውቂ።»

እንዲህ ብላ ተናግራኝ አታውቅም። ዶማ አምጥቼ መቆፈር ጀመርኩ። እሷ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ከላይ ቆማ ታሳየኛለች። መካከል ላይ ከአስፋልቱ በኩል የከባድ መኪና ድምፅ መጣ። እኔ ዶማውን እንደያዝኩ ቀና አልኩ፤ እሷም እጇን ከወገቧ አወረደች። ሁለታችንም ወደ መንገዱ እያየን ቆምን። አሸዋ የጫነ ሲኖትራክ ነበር። ወደ ኮዬ አቅጣጫ ታጥፎ አቧራው እስኪጠፋ ድረስ አልተነቃነቅንም።

ከዚያ «ወደ ግራ አልኩሽ እኮ» አለችኝ፤ ወደ ግራ ቆፈርኩ።